በባሕር ዳር «ከዘውድ ወደ ዲሞክራሲ» የእግር ጉዞ መምራት፦ ከዝግጅት እስከ ድልድዩ

ይህን ጉዞ የሚሞክሩ መምህራን፣ የክበብ ልጆችና ጀማሪ አስጎብኚዎች አብዛኞቹ መንገድ ላይ ይበተናሉ። እኔም ተበትኛለሁ። የመጀመሪያ ጊዜ 23 ሰው ይዤ፣ ጥሩ አድርጌ መጀመሬ መስሎኝ፣ ከመሃል ከተማ ወጣ ብሎ ኮረብታ ላይ ወዳለው በዛዊት ቤተ መንግሥት ወጣሁ። ጥበቃው መለሰን። ስንወርድ ፀሐይ አናት ትበሳለች፣ ሐይቁ ዳር ስንደርስ ግማሹ ሰው ዓሣ ልብላ ብሎ ቀረ፣ ዓባይ ድልድይ ጋ የደረስነው ሰባት ነን። ከሰባቱም ሁለቱ በፖለቲካ ተጣልተው አይነጋገሩም።

ከዚያ ወዲህ ደጋግሜ መርቼዋለሁ። ሰው የሚሰናከለው ታሪክ ባለማወቅ አይደለም። መንገዱን በዓመተ ምሕረት ቅደም ተከተል ስለሚያወጣ ነው። ከተማው ግን በዓመት ተራ አልተሠራም። ስለዚህ መንገዱን ለእግር እንደሚመች አውጡ፣ ዓመቱን በአፋችሁ አስተካክሉ።

ደረጃ 1፦ ከሳምንት በፊት

1.1 አንድ ጥያቄ ብቻ ያዙ። ጥያቄው «እዚህ ማን ወሰነ?» ነው። ቤተክርስቲያን ጋ፣ ፋብሪካ ጋ፣ ቀበሌ ቤት ጋ፣ ድልድዩ ላይ፣ ሁሉም ቦታ ያው ጥያቄ። መሬቱን ማን ሰጠ? ሹሙን ማን ሾመ? የተከፋ ሰው ወዴት ይጮኻል? ከዚህ ውጪ የምታውቁትን ሁሉ ልዘርዝር ካላችሁ ሰው ሦስተኛው ማቆሚያ ላይ ስልኩን ያወጣል።

1.2 ፈቃድ ጨርሱ። ይህን ደረጃ የሚዘል ሰው አለ፣ እባካችሁ አትዝለሉት። ከ2015 ማብቂያ ወዲህ ክልሉ ምን ዓይነት ጊዜ ላይ እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን። በአሁኑ ጊዜ ተሰብስቦ የሚሄድ ሰው ዓይን ይስባል። ለከተማው ባህልና ቱሪዝም ደብዳቤ አስገቡ። የሰው ብዛት፣ ቀን፣ የመነሻና የመድረሻ ሰዓት፣ ማቆሚያዎቹን በስም ጻፉ። ማኅተም ያረፈበትን ቅጂ ሁለት አድርጉት፣ አንዱን እናንተ፣ ሌላውን ከኋላ የሚሄደው ሰው ይያዝ። የሰዓት እላፊም ሆነ የመንገድ ሁኔታ በዚያ ሳምንት ምን እንደሚመስል ጠይቁ። ጥርጣሬ ካላችሁ ሌላ ጊዜ አድርጉት፣ ታሪኩ የትም አይሄድም።

1.3 ብቻችሁን ሂዱበት። በዚያው ሰዓት፣ በዚያው ፍጥነት። ከጊዮርጊስ እስከ ዓባይ ድልድይ ዝም ብሎ የሚሄድ ሰው ከአንድ ሰዓት በታች ይበቃዋል፤ ከነማቆሚያው ግን ሦስት ሰዓት ያዙለት። የዘንባባ ጥላ የት እንዳለ፣ መጸዳጃ የትኛው ካፌ እንደሚፈቅድ፣ ባጃጅ የት እንደሚቆም ምልክት አድርጉ። እኔ አንድ ጊዜ ይህን ሳላደርግ ወጥቼ መንገዱ ተቆፍሮ አገኘሁት። አቧራው ውስጥ ስለ ሕገ መንግሥት የሚሰማ ሰው የለም።

1.4 የዓመቶች ካርድ ጻፉ። በእጅ ጽፋችሁ ኪስ ውስጥ። ቢያንስ እነዚህ ይኑሩበት፦

- ሐምሌ 9 ቀን 1923፦ የመጀመሪያው የተጻፈ ሕገ መንግሥት
- ጥቅምት 24 ቀን 1948፦ የተሻሻለው ሕገ መንግሥት
- 1950፦ ሕዝብ በቀጥታ የመረጠው የመጀመሪያው የሕግ መምሪያ ምክር ቤት
- መስከረም 2 ቀን 1967፦ ንጉሠ ነገሥቱ ከሥልጣን ወረዱ
- የካቲት 25 ቀን 1967፦ የገጠር መሬት አዋጅ
- መጋቢት 12 ቀን 1967፦ ዘውዱ ራሱ ተሻረ
- ሐምሌ 19 ቀን 1967፦ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ
- ጳጉሜን 5 ቀን 1979፦ ኢሕዲሪ (የኢትዮጵያ ሕዝባዊ ዲሞክራሲያዊ ሪፐብሊክ) ታወጀ
- ግንቦት 20 ቀን 1983፦ ደርግ ወደቀ
- ኅዳር 29 ቀን 1987፦ አሁን ያለው ሕገ መንግሥት ጸደቀ

እዚህ ላይ ሁለት ወጥመድ አለ። አንደኛው፣ ሰው «የ66 አብዮት» እያለ ስለለመደ ጃንሆይ በ66 ወረዱ ይላል። ንቅናቄው የካቲት 66 ላይ ፈነዳ እንጂ እሳቸው የወረዱት መስከረም 67 ነው። ሁለተኛው የባሰ ነው፦ ንጉሡ በወረዱበት ቀን ዘውዱ አልተሻረም። ደርግ መጀመሪያ አልጋ ወራሽ አስፋ ወሰንን ንጉሥ አደርጋለሁ ብሎ ነበር። ዘውዱ የተሻረው ከስድስት ወር በኋላ ነው። ይህቺን ስድስት ወር አትዝለሏት። ብዙ ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ የሚሰማት እዚህ ጉዞ ላይ ነው፣ ጥሩ ጥያቄም ታወጣለች።

የፈረንጁን አቆጣጠር አትቀላቅሉ። ከውጭ የመጣ እንግዳ ካለ ካርዱ ጀርባ ላይ ጻፉለትና ለብቻው ስጡት።

1.5 አራት ወረቀት አዘጋጁ። ከ1948ቱ ሕገ መንግሥት ስለ ንጉሠ ነገሥቱ ክብርና ሥልጣን የሚለውን አንቀጽ 4፣ ከሐምሌ 67ቱ አዋጅ አንድ አንቀጽ፣ ከ1979ኙ ሕገ መንግሥት ኢሠፓን (የኢትዮጵያ ሠራተኞች ፓርቲን) መሪ የሚያደርገውን፣ ከ1987ቱ ደግሞ የሉዓላዊነትን አንቀጽ 8። ከነጋሪት ጋዜጣው ቃል በቃል ቅዱ። ከአእምሮ አትጻፉ፣ አንድ ጠበቃ ቢኖር ጉዞው ችሎት ይሆናል።

ደረጃ 2፦ ዋዜማው

የሰው ብዛት ከ15 አይብለጥ። 12 ቢሆን ይሻላል፤ ከዚያ በላይ ሲሆን የኋለኛው ሰው አይሰማም፣ ያልሰማ ደግሞ ያወራል።

ለሁሉም መልእክት ላኩ፦ ጠዋት 1 ሰዓት ጊዮርጊስ አደባባይ፣ ኮፍያ፣ ውኃ፣ የሚመች ጫማ፣ መታወቂያ። መታወቂያውን ሁለት ጊዜ ጻፉት። ነጠላም ጨምሩ፣ ቤተክርስቲያን ግቢ መግቢያ ነው።

አንድ ረዳት ከኋላ መድቡ። ሥራው ማስተማር አይደለም፣ ሰው መቁጠር ነው።

ሰኔ፣ ሐምሌ፣ ነሐሴ ከሆነ ተዉት። መጋቢትና ሚያዝያ ሙቀቱ ይከብዳል፣ ከ4 ሰዓት በፊት ጨርሱ። ጥሩው ከጥቅምት እስከ ጥር ነው። የጥምቀትን ሰሞን ግን ለሌላ ነገር ተዉት፣ መንገዱ የታቦት ነው።

ደረጃ 3፦ ጊዮርጊስ (20 ደቂቃ)

እዚህ ጀምሩ። ከተማው የተሰበሰበው በዚህ ቤተክርስቲያን ዙሪያ ስለሆነ መነሻው ራሱ ነገር ይናገራል።

1. ቅዳሴ አለመኖሩን አረጋግጡ። ካለ ውጭ ቁሙ።
2. ግቢ ውስጥ ያለውን የድንጋይ ፎቅ ቤት አሳዩ። ከፖርቱጋሎች ዘመን ጋር፣ በተለይ ከካህኑ ከፔድሮ ፓኤዝ ጋር ተያይዞ ይነሳል። አንድ ደቂቃ ብቻ፣ ወደ ሱስንዮስ ዘመን ከገባችሁ አትወጡም።
3. ጥያቄውን ጣሉ፦ ከደርግ በፊት እዚህ አካባቢ መሬት ማን ይሰጥ ነበር? ሰው ራሱ ይመልስ። ጉልት፣ ርስት የሚሉት ቃላት ከነሱ አፍ ይውጡ።
4. አንደኛውን ወረቀት አውጡ። ድምፁ የሚሰማ ሰው የ1948ቱን አንቀጽ 4 ያንብብ። ካነበበ በኋላ ትንሽ ዝም በሉ።

*ሲበላሽ፦* አንድ ካህን ወይም ሽማግሌ ጠጋ ብለው «ምንድን ነው ይሄ?» ካሉ ንግግራችሁን አቁሙ። «አባቴ፣ የታሪክ ጉዞ ላይ ነን፣ ቢመርቁንስ?» በሉ። ብዙውን ጊዜ ከምርቃቱ ቀጥሎ እናንተ የማታውቁትን ታሪክ ይነግሯችኋል። አታቋርጧቸው፣ ከሌላ ማቆሚያ ላይ ደቂቃ ቀንሱ።

ደረጃ 4፦ ሐይቁ ዳር (25 ደቂቃ)

ጥቂት ሄዳችሁ ውኃው ዳር ውረዱ። እዚህ የመጀመሪያውን የሕዝብ ምርጫ አንሱ። ሰው ሁሉ ንጉሡ ምርጫ የሚባል ነገር አያውቁም ነበር ይላል። ነበረ። ሃያ አንድ ዓመት የሞላው፣ ሴትም ወንድም፣ ይመርጥ ነበር። ፓርቲ ግን የለም። ለመመረጥ በምርጫ ወረዳው ንብረት ያስፈልጋል። የላይኛውን ምክር ቤት አባላት የሚሾሙት ንጉሠ ነገሥቱ ናቸው።

አሁን ደንገል ታንኳ እየቀዘፈ የሚያልፍ ሰው ካለ አሳዩና ጠይቁ፦ እንደራሴ ለመሆን ንብረት ከተጠየቀ ማን ይቀራል? የጣና ዳር ወይጦዎች ታንኳ እየሠሩ፣ ዓሣ እያጠመዱ፣ ድሮም ጉማሬ እያደኑ የኖሩ ናቸው፤ ጎረቤቱ ማዕድ የማይጋራቸው ጊዜ ረጅም ነበር። ጥያቄው ከዚህ በላይ ማብራሪያ አያስፈልገውም።

ማስጠንቀቂያ፦ ታንኳ ሠሪውን ፎቶ ለማንሳት አትረባረቡ። ማንም የሌላ ሰው ማሳያ መሆን አይፈልግም። ማውራት ከፈለጋችሁ ቀድማችሁ በ1.3 ጉብኝታችሁ ጊዜ ተነጋገሩ፣ ጊዜውን ስለምትወስዱበት ክፈሉት።

*ሲበላሽ፦* ዓሣ። ሽታው ይጠራል። «ዓሣው መጨረሻ ላይ አብረን ነው» ብላችሁ አስቀድማችሁ ተናገሩ፣ ካልሆነ እንደኔ 23 ይዛችሁ ወጥታችሁ በሰባት ትጨርሳላችሁ።

ደረጃ 5፦ አንድ ቀበሌ ቤት (25 ደቂቃ)

ይሄ ማቆሚያ ትልቅ ሕንፃ የለውም፣ ስለዚህ ሁሉም ይዘለዋል። ለኔ ከሁሉም የሚበልጥ ይሄ ነው።

ወደ ድልድዩ በሚወስደው አቅጣጫ፣ ከዋናው ጎዳና ገባ ብላችሁ፣ እስካሁን በተራ ሰው የሚኖርበት የቀበሌ ቤት ፈልጉ። ነዋሪዎቹን ቀድማችሁ አስፈቅዱ። በሩ ላይ ቁሙ፣ አትግቡ።

1. ሐምሌ 19 ቀን 1967 በሉ። በዚያ ቀን የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሆነ። ኪራይ ተቀነሰ። የከተማ ነዋሪዎች ማኅበር፣ ማለትም ቀበሌ፣ ተፈጠረ።
2. ሁለተኛውን ወረቀት አስነብቡ።
3. ወገኑን ለሁለት ክፈሉ። ግማሹ ተከራይ ነው፣ ግማሹ ቤቱ የተወሰደበት። ለአምስት ደቂቃ ይከራከሩ። ከዚያ አገላብጧቸው። ማገላበጡን አትርሱ፣ ነገሩ ያለው እዚያ ላይ ነው።
4. ከዚያ የቀበሌን ሌላ ገጽ አንሱ። የስኳርና የዘይት ኩፖን የሚያድለው ቀበሌ፣ በቀይ ሽብር ጊዜ ልጅ የሚወሰድበትም ቀበሌ ነበር። ሁለቱንም አንድ ላይ ተናገሩ። አንዱን ብቻ የሚናገር አስጎብኚ ታሪኩን ቆርጧል።

ከተቻለ አንድ ትልቅ ሰው አስቀምጡ፣ ጀበና ያለበት ቦታ ቢሆን ደስ ይላል። «ጋሼ፣ ያኔ ቀበሌ ሊቀመንበሩን ማን ነበር የሚመርጠው?» ብላችሁ ጠይቁ። «ደርግን ይወዱት ነበር?» ብላችሁ አትጠይቁ። የመጀመሪያው ታሪክ ያወጣል፣ ሁለተኛው ፍርሃት። ድምፅ መቅዳት ካሰባችሁ አስፈቅዱ፤ እምቢ ካሉ ስልኩን ኪስ ውስጥ እያዩ ይግባ።

*ሲበላሽ፦* ቤተሰቡ የሞተበት ሰው ሊኖር ይችላል። እንባ ከመጣ ጉዞውን ለማስቀጠል አትቸኩሉ። ቁጭ በሉ። ውኃ አቅርቡ። ክርክሩን በዚያ ቀን ተዉት።

ደረጃ 6፦ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው አካባቢ (15 ደቂቃ)

አሁን በዓመት ወደ ኋላ ተመለስን፣ ለሰውም እንዲሁ ንገሩት፦ «ቅድም 67 ላይ ነበርን፣ አሁን 50ዎቹ መጀመሪያ ላይ ነን።» ቢስቁም ይገባቸዋል።

ፋብሪካው የተሠራው ጣልያን ከከፈለችው የጦርነት ካሳ ነው። ፖሊ ቴክኒክ በ1955 በሶቪየት እርዳታ ተከፈተ። የጢስ ዓባይ ኃይል ማመንጫ በ1956 ኤሌክትሪክ ማመንጨት ጀመረ። የከተማውን ፕላን ጀርመኖች ሠሩ። ፔዳ፣ ማለትም የፔዳጎጂ አካዳሚው፣ በ1965 ተከተለ። ይቺ ከተማ እንዲህ በአሥር ምናምን ዓመት ውስጥ ከመንደር ወጣች፣ ዋና ከተማ ልትሆን ታስባ ነበር እየተባለም ይወራል። ጥያቄው ያው ነው፦ ማን ወሰነ? ያኔ ጎጃምን የሚገዛው ሹም የሚሾመው ከአዲስ አበባ ሲሆን፣ ጽሕፈት ቤቱ ደግሞ ደብረ ማርቆስ ነበር።

ለዘውዱ ዘመን ያዘነም የጠላም ሰው እዚህ ይፈተናል። ፋብሪካው አለ፣ ድምፅ ግን የለም። ይህን ለሰው ጠቁሙና እለፉ፣ ረጅም ንግግር አያስፈልግም፣ በዚህ ሰዓት ፀሐዩም ጀምሯል።

ማስጠንቀቂያ፦ የፋብሪካ በር ላይ ካሜራ አታውጡ። ከመንገዱ ማዶ ቁሙ።

ደረጃ 7፦ የሰማዕታት ሐውልት (20 ደቂቃ)

ድልድዩ አጠገብ ነው። ደርግን ሲዋጉ ለወደቁት የቆመ። ባሕር ዳር ከአዲስ አበባ ቀድማ፣ ከግንቦት 20 ጥቂት ወራት በፊት፣ በታጋዮቹ እጅ ገብታለች።

መግቢያው ክፍት ከሆነ ግቡ፣ ካልሆነ ከውጭ ይበቃል። ሦስተኛውንና አራተኛውን ወረቀት ተከታትለው ያስነብቡ። አንዱ አንድ ፓርቲ ይመራል ይላል። ሌላው ሉዓላዊ ሥልጣን የብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ነው ይላል። ባሕር ዳር የክልል መቀመጫ የሆነችው በዚሁ ሥርዓት ነው።

እዚህ አንድ ሰው መጠየቁ አይቀርም፦ «ታዲያ ዲሞክራሲው የታለ?» እኔ በፊት እመልስ ነበር። ስመልስ ግማሹ ሰው ይጠፋብኛል፣ የትኛውም ግማሽ ቢሆን። አሁን ጥያቄውን መልሼ እሰጣለሁ፦ «ምን ብታይ አለ ትያለሽ?» አንዷ «የቀበሌ ሊቀመንበሬን ስሙን ባውቀው» አለች። ሌላው «ሰልፍ ወጥቼ በሰላም ቤቴ ብገባ።» መልሱን ወረቀት ላይ ያስፍሩ፣ ስም አይጻፉ።

ከዚያ ሁለት ቀኖች ጥቀሱ፦ ነሐሴ 1 ቀን 2008፣ በዚህች ከተማ ሰልፍ ላይ ሰዎች የተገደሉበት። ሰኔ 15 ቀን 2011፣ የክልሉ ርዕሰ መስተዳድር ዶክተር አምባቸው መኮንን የተገደሉበት። ቀኑን ጥቀሱ፣ ለአንድ ደቂቃ ጸጥ በሉ፣ አትተንትኑ። ከመካከላችሁ ሐዘንተኛ ሊኖር ይችላል፣ ፊቱን አይታችሁ አታውቁትም።

*ሲበላሽ፦* ጭቅጭቅ ከተነሳ ድምፃችሁን ከፍ አታድርጉ። «ይሄን ድልድዩን ተሻግረን እንጨርሰዋለን» በሉና መሄድ ጀምሩ። የሚሄድ ሰው ይበርዳል።

*ፀጥታ አስከባሪ ሲያስቆማችሁ፦* አንድ ሰው ብቻ ይናገር። መታወቂያና ደብዳቤ አሳዩ። ሌላው ሰው ስልኩን አያውጣ። ተመለሱ ከተባላችሁ አመስግናችሁ ተመለሱ፤ ለምን ብሎ መከራከሪያው ያን ቀን አይደለም።

ደረጃ 8፦ ዓባይ ድልድይ (15 ደቂቃ)

አዲሱ ድልድይ ግንቦት 2016 ተመረቀ፣ 380 ሜትር ነው። አሮጌው አጠገቡ አለ። ፎቶ የሚፈልግ ካለ ጥበቃዎችን ቀድሞ ይጠይቅ። አይቻልም ካሉ አይቻልም።

በጠባቡ ቦታ አትሰብሰቡ፣ መኪናው ይሮጣል። ዳር ይዛችሁ ለሁለት ተከፈሉ። ቅድም የተጻፉትን ወረቀቶች ሰብስቡ፣ ቀላቅሉ፣ አንድ አንድ እያወጣችሁ አንብቡ። የማን እንደሆነ አይጠየቅም። ስታነቡ አስተያየት አትስጡ፣ የእናንተ ፊት ሲለዋወጥ የሚቀጥለው ሰው ውሸት ይጀምራል።

ደረጃ 9፦ በዛዊት፣ ካስፈለገ ብቻ

ከመሃል ከተማ 5 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በእግር አትሂዱ። ባጃጅ ኮንትራት ያዙ፣ ዋጋውን ከመውጣታችሁ በፊት ተስማሙ፣ የመልሱንም ጨምራችሁ። ቤተ መንግሥቱ ውስጥ እንገባለን ብላችሁ ለማንም ቃል አትግቡ፣ ካሜራም ወደ ግቢው አታዙሩ። የምትሄዱበት ምክንያት ኮረብታው ነው፤ ዓባይ ሲጠማዘዝ፣ ከተማው ከሥር ተዘርግቶ ይታያል። ያን ቀን ወደዚያ መውጣት ካልተፈቀደ ጉዞው አልጎደለም፣ ቀድማችሁ እንደ ትርፍ ስለነገራችኋቸው ማንም አይቆጭም።

ከዚያ ወደ ሐይቁ ተመለሱና የተባለውን ዓሣ ብሉ። ሒሳቡን ከማዘዛችሁ በፊት ለየብቻ መሆኑን ለአስተናጋጁ ንገሩት።